አውሮፕላኗ ስትበራ

፩

የሚዘጋው አውሮፕላኗ ስትበራ ነው ወይስ ስትጠፋ?

፪

ወይዘሮ ዘርፈሽዋል አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጠዋል። ጭናቸው ላይ የልጅ ልጃቸው የናርዶስ ጌም አለች፤ የጸሎት መጽሐፍ የምታህል፣ መሃሏ መስታወት፣ ግራና ቀኟ አውራ ጣት የሚያርፍባቸው ቁልፎች ያሏት፣ በእጅ ይዘው የሚጫወቱባት ዓይነት። መስታወቱ ጥግ ላይ ከጤፍ ትንሽ ከፍ የምትል አውሮፕላን ተሥላለች። በርታለች።

ነካ አደረጓት። ጠፋች።

እንደገና። በራች።

እንደገና።

ጠፋች።

ከደጅ የውሃ ድምፅ ይሰማል። ናርዶስ ቧንቧው ጋ ፊቷን እየታጠበች ነው። ፊት መታጠብ ስንት ጊዜ ይፈጃል? ልጅቷ ፊቷን እንደ ድመት ነው የምትታጠበው፤ አሁን ትገባለች።

«በስመ አብ፤ የትኛዋ ናት?» አሉ ለራሳቸው።

ጨለማውን መረጡ። ጌሟን ከትራሱ ሥር ወሽቀው ተነሡ።

፫

ለአንባቢ

ልብ ማንጠልጠል ደግ ስላልሆነ እዚሁ ይነገር፤ ያፌት ሞቷል።

ያፌት የናርዶስ ታላቅ ወንድም፣ የወይዘሮ ዘርፈሽዋል የመጀመሪያ የልጅ ልጅ ነው። እናታቸው ስታርፍ ሁለቱንም ያሳደጉት እርሳቸው ናቸው፤ እዚሁ አሰላ፣ እዚህቹ ቤት ውስጥ። ልጁ አደገና ዱባይ ሄዶ መጋዘን ውስጥ ዕቃ ጫኝ ሆነ። ሠራተኞቹን ከሥራ የሚመልሰው መኪና መንገድ ላይ ተገለበጠ፤ ያፌት የተቀመጠበት ወገን ወደ ታች ሆነ። አስከሬኑ ወረቀቱ ሲያልቅ ይመጣል ተብሏል።

በአውሮፕላን።

ይህን ወይዘሮ ዘርፈሽዋል ያውቃሉ። ልጃቸው ስንታየሁ ያውቃል። ጎረቤቱ ያውቃል፤ ዕድሩ ያውቃል። ዳቦ ሻጩ እንኳ ያውቃል፤ መልስ ሲሰጥ ዓይኑን ይሰብራል።

ናርዶስ አታውቅም። ቢያንስ እስከዚህ ቁጥር ድረስ የሚታሰበው እንደዚያ ነው።

፬

የተባባሉት

(በእትዬ በላይነሽ ቤት፣ በሩ ተዘግቶ። የተገኙት፦ ጎረቤቷ እትዬ በላይነሽ፣ ስንታየሁ፣ ወይዘሮ ዘርፈሽዋል።)

ስንታየሁ፦ እማዬ፣ ስሚኝ። ልጅቷ ለአሥራ ሁለተኛ ክፍል ፈተና ልትሄድ ነው። አሁን ብንነግራት ዓመቱን አጣች ማለት ነው።

በላይነሽ፦ ዓመቱን ብቻ? ፈተና ደርሶባት መርዶ የሚነገራት ልጅ የት አገር ታየች! ትፈተን። ተፈትና ትመለስ። ከዚያ በማግስቱ በጠዋት፣ በወጉ፣ ሰው ተሰብስቦ።

ዘርፈሽዋል፦ እኔስ?

ስንታየሁ፦ አንቺ ምን?

ዘርፈሽዋል፦ ፊቴን የት አድርጌ ነው ከሷ ጋ እራት የምቀርበው?

በላይነሽ፦ ጥቁር አትለብሺም። ነጠላሽን አታዘቀዝቂም። ፊትሽ አብጦ ካየችሽ ጥርሴን አሞኝ ነው በያት።

ዘርፈሽዋል፦ ጥርስ የት አለኝ፣ በላይነሽ?

በላይነሽ፦ እንግዲያው ድዴን በያት።

(ስንታየሁ ሳቀ። ሲስቅ ሲስቅ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። ጠበቁት።)

ስንታየሁ፦ ስልኳን ለጥናት ብላ ራሷ አስረክባኛለች፤ ተመስገን ነው። ግን ያቺ ጌም አለች። ከያፌት ጋ የሚገናኙት በሷ ነበር። ጓደኞቹ በዚያ በኩል ይጽፉላታል። ነፍስ ይማር ይሏታል።

ዘርፈሽዋል፦ በመጫወቻ መርዶ?

ስንታየሁ፦ በመጫወቻ፣ እማዬ።

፭

ኤርፕሌን ሞድ ላይ ለማድረግ

(ስንታየሁ ከሥራ ቦታው በስልክ እንዳስረዳው።)

ናርዶስ ከክፍሉ እስክትወጣ ጠብቂ።

ጌሟን ከትራሷ ሥር አውጪ።

ተኝታ ነው የምታገኛት። ከላይ ያለችውን ትንሽ ቁልፍ ተጫኚ፤ ትነቃለች።

የአውሮፕላን ሥዕል ፈልጊ።

ንኪያት።

በቃ። ያኔ ጌሟ ሰማይ ላይ ያለች ይመስላታል፤ ከማንም ምንም አይደርሳትም።

ወደ ቦታዋ መልሺያት። ሽንኩርት እየላጥሽ በእርጥብ እጅሽ እንዳትነኪያት ደግሞ፣ እማዬ።

ስትበራ ነው ወይስ ስትጠፋ የሚለውን አልነገራቸውም። አለቃው ጠራውና ስልኩን ዘጋ። እርሳቸውም ልጄን ከእንጀራው አላጣላው ብለው መልሰው አልደወሉም። ራሳቸው አወጡ አወረዱ። በዚህ ቤት የተዘጋ ነገር ሁሉ ይጨልማል፤ ሬዲዮው ሲዘጋ መብራቱ ይጠፋል፣ ምድጃው ሲዘጋ ይጠቁራል፣ አምፖሉም እንደዚያው ነው። እንግዲያው አውሮፕላኗም ስትጨልም ተዘጋ ማለት ነው።

በየጠዋቱ ከትራሱ ሥር ሲያወጧት አውሮፕላኗ በርታ ትጠብቃቸዋለች። በየጠዋቱ ያጠፏታል።

«ማታ ማታ እየከፈተችብኝ ነው» ይላሉ። ከዚያ ቁርስ ላይ የልጅቷን ፊት ያነብባሉ። ዓይኗ ቀልቷል? ጥናት ነው፤ ፈተና የደረሰበት ልጅ ሁሉ ዓይኑ ቀይ ነው። እንጀራውን ትታዋለች? ፍርሃት ነው። አንድ ቀን ሻይዋ ውስጥ ስኳር ሳትጨምር ጠጥታ ጨረሰች፤ ያንን ምን እንደሚሉት አላወቁም።

፮

ጌሟ ውስጥ ያለው

ጌሟ ውስጥ ትንሽ ደሴት አለች። ደሴቷ ላይ ሁለት ጎጆዎች አሉ፤ ባለ ቀይ በሩ የናርዶስ፣ ባለ ሰማያዊ በሩ የያፌት። ፍየል አለ፣ ዳክዬ አለ፣ ሰነፍ ጥንቸል አለች። ጎመን ይተክላሉ፤ ጎመኑ ከእውነተኛው በፍጥነት ይደርሳል። ወይዘሮ ዘርፈሽዋል ይህን አይወዱትም። «ሳይለፋበት የበቀለ ጎመን ምን ሊጣፍጥ!»

ያፌት ጌሟን የላከው አንዲቱን ለራሱ አስቀርቶ ነው። ማታ ከሥራ ሲገባ ሰማያዊው በር ይከፈታል፤ ከውስጡ ቢጫ ባርኔጣ ያደረገ፣ ጣት የሚያህል ልጅ ይወጣል። ድምፁ ከጌሟ ውስጥ ይመጣል፦

«ናርዲ፣ እማ ዘርፌ አጠገብሽ አለች?»

«አለች።»

«እማ፣ ልዝለልልሽ?»

«ዝለል እስቲ።»

ልጁ ይዘላል።

«ትንሽ ከፍ አድርገው! እራት አልበላህም?»

ከፍ አድርጎ ይዘላል። ባርኔጣው አየር ላይ ይቀርና ተመልሶ ራሱ ላይ ይወድቃል። ወይዘሮ ዘርፈሽዋል ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ይስቃሉ። ሲስቁ ጥርስ የሌለውን ድዳቸውን ያፌት እንዳያይ ነው፤ አያይም፤ እርሳቸው ግን እንደሚያይ ነው የሚያስቡት። ናርዶስ ሁልጊዜ ከዚያ በኋላ ትቆጣለች። «እናንተ ስትጫወቱ ጎመኔን ፍየሉ በላው!»

አልጋው ጫፍ ላይ፣ ጌሟን መሃል አድርገው፣ እንደዚህ ነበር የሚያመሹት።

አሁን ናርዶስ ማታ ማታ ጌሟን ይዛ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ትተኛለች።

«ያፌት የለም?» ብለው ጠየቋት፤ መጠየቅ አለባቸው፤ አለመጠየቅ ያሳብቃል።

«ኔትወርክ እምቢ ብሏል፣ እማ።»

«እንዲያ ነው ይሄ ነገር።»

«እንዲያ ነው።»

፯

ለአንባቢ፣ በድጋሚ

ጌሟን ለምን አይደብቋትም ትሉ ይሆናል። የተደበቀባት ልጅ ለምን ትላለች፤ ለምን ያለች ልጅ ደግሞ መልስ እስክታገኝ አትተኛም። ዋይፋዩን ለምን አያጠፉትም ትሉ ይሆናል። ዋይፋዩ የእትዬ በላይነሽ ነው፤ በግድግዳው አልፎ የሚመጣ የጎረቤት ስጦታ ነው፤ ባሏ በሱ ዜና ካላየ ቤቱ አይበርድም።

ለምን አይነግሯትም የምትሉ ካላችሁ ወደ ፬ ተመለሱ። እዚያ ያለው መልስ ካልበቃችሁ ሌላ የለም። ወይዘሮ ዘርፈሽዋልም ሌላ ፈልገው አጥተዋል።

፰

ማጠቢያ ማሽን

ከምሳ በኋላ ናርዶስ ለጥናት ወደ ትምህርት ቤት ስትሄድ ወይዘሮ ዘርፈሽዋል ወደ እትዬ በላይነሽ ጓዳ ይገባሉ። እትዬ በላይነሽ ያረጀ የልብስ ማጠቢያ ማሽን አላት፤ ሲዞር ቤቱን ይንጠዋል። ልብስ አትጨምርበትም፤ ውሃም አትጨምርበትም። ባዶውን ታዞረዋለች።

ከዚያ በሩን ትዘጋና «በይ» ትላለች።

ወይዘሮ ዘርፈሽዋል ያኔ ያለቅሳሉ። ማሽኑ እስከዞረ ድረስ። «ልጄ፣ አንተ ልጄ፣ ማን ውሃ አቀመሰህ፣ ማን ዓይንህን ከደነልህ» እያሉ፣ ደረታቸውን በዝግታ እየመቱ፤ በኃይል ቢመቱ ይበልዛል፣ ናርዶስ ደግሞ ጀርባቸውን ስታሽላቸው ታያለች።

ማሽኑ ሲቆም ይቆማሉ።

«ጨረስሽ?» ትላለች እትዬ በላይነሽ።

«አልጨረስኩም።»

«አንድ ዙር ልጨምርልሽ?»

«ይብቃ። ይቃጠልብሻል።»

«ይቃጠል!» ትላለች እትዬ በላይነሽ፤ ድምፅዋ ውስጥ ቁጣ አለ፤ ቁጣው በማን ላይ እንደሆነ ግን አይታወቅም።

ፊታቸውን በቀዝቃዛ ውሃ አጥበው፣ ነጠላቸውን እንደ ደስታ ቀን አጣፍተው፣ ወደ ቤታቸው ይመለሳሉ።

፱

አቧራ

«እማ፣ ጌሜን ትነኪያለሽ?»

«እኔ? ምን ልሠራባት!»

«ትራስ ሥር ሳስቀምጣት ፊቷ ወደ ታች ነው። ስመለስ ወደ ላይ ሆና ነው የማገኛት።»

«አቧራ ጠርጌላት ነው።»

«ትራስ ሥር አቧራ አለ?»

«አቧራ የሌለበት የት አለ? አንቺ ቤት ትጠርጊያለሽ መሰለሽ?»

ናርዶስ ደብተሯን ገለበጠች፤ መልሳ ወደ ነበረበት ገለበጠችው።

«እሺ፣ ጥረጊላት» አለች። «አውሮፕላኗን ግን አትንኪያት፣ እማ። እባክሽ።»

«የምን አውሮፕላን?»

፲

«የምን አውሮፕላን?»

ይህ ውሸት ለብቻው ቁጥር የተሰጠው ስለከበዳቸው ነው። ዳቦ ቤት ሄደው ሲመለሱ፣ ቲማቲም ሲመርጡ፣ ማታ ፊታቸውን አማትበው ሲጋደሙ አብሯቸው ነበር። «አትንኪያት ያለችኝ ወንድሟን እየጠበቀች ነው» አሉ። «ክፍት ይሁንልኝ፣ ሲመጣ እንዳያመልጠኝ ማለቷ ነው።» አንዲት ልጅ በር ከፍታ የሞተ ሰው ስትጠብቅ፣ አያቷ በየጠዋቱ እየመጣች በሩን የምትዘጋ መሰላቸው።

በማግስቱም አውሮፕላኗን አጠፏት።

፲፩

ሞባይል ጥገና

(ከአውቶቡስ መናኸሪያው ማዶ፣ አንድ ሰው በቁመቱ የሚቆምባት ሱቅ። ባለሱቋ ሰብለ ትባላለች፤ ብየዳ ላይ ናት፤ ቀና አላለችም።)

ዘርፈሽዋል፦ ልጄ፣ አንድ ነገር ልጠይቅሽ ነበር። የሚጠገን አላመጣሁም።

ሰብለ፦ ይጠይቁ፣ እናቴ።

ዘርፈሽዋል፦ ይሄ አውሮፕላን የሚሉት። ከውጭ ምንም እንዳይገባ የሚያደርገው።

ሰብለ፦ ኤርፕሌን ሞድ።

ዘርፈሽዋል፦ እሱ። የሚዘጋው ስትበራ ነው ወይስ ስትጠፋ?

ሰብለ፦ አውሮፕላኗ?

ዘርፈሽዋል፦ አዎ።

ሰብለ፦ ስትበራ ነዋ። ስትበራ ምንም አይገባም። ስትጠፋ ክፍት ነው፤ የተጠራቀመው ሁሉ ግር ብሎ ይገባል።

(ሰብለ ቀና አለች።)

ሰብለ፦ እናቴ? ይቀመጡ። ውሃ ልስጥዎ? እናቴ፣ ምን ሆኑብኝ?

፲፪

ስትበራ።

፲፫

በየጠዋቱ

ታዲያ በየጠዋቱ በርታ ያገኟት አውሮፕላን።

ታዲያ በየጠዋቱ ያጠፏት።

ታዲያ እርሳቸው ቡና ሊገዙ፣ ውሃ ሊቀዱ፣ ማጠቢያ ማሽን ጎን ሊያለቅሱ ሲወጡ፣ ትራሱ ሥር ክፍት የሆነ በር ትተው ነበር የሚወጡት። ከዱባይ፣ የያፌት ክፍል ተጋሪዎች፣ አብረውት ዕቃ የጫኑት፣ አብረውት ጎመን የተከሉት፣ በዚያ በር እየገቡ ነፍስ ይማር ሲሉ ነበር። ናርዶስ ከጥናት ተመልሳ፣ ጌሟን ወደ ላይ ተገልብጣ አግኝታ፣ ሁሉንም ለብቻዋ አንብባ፣ አውሮፕላኗን መልሳ ታበራለች። ከዚያ ወጥታ «እማ፣ እራት ምን አለ?» ትላለች።

በእጃቸው ነበር። መርዶውን በየጠዋቱ በገዛ እጃቸው ያስገቡት።

ወይዘሮ ዘርፈሽዋል መንገዱ ዳር የድንጋይ አጥር ይዘው ቆሙ። ሰላም ያሏቸው ሰዎች ነበሩ። መለሱ አልመለሱ አያስታውሱም።

ግን አንድ ነገር አልተፈታም። መጀመሪያ ያበራት ማነው? እርሳቸው ጌሟን ለመጀመሪያ ጊዜ ሲያነሡ፣ ስንታየሁ መርዶውን በነገራቸው ማግስት፣ አውሮፕላኗ በርታ ነበር።

ከሁሉም በፊት በሩን የዘጋችው ልጅ ማንን ልትከለክል ነው የዘጋችው?

፲፬

ድንኳን

በማግስቱ ጠዋት አውሮፕላኗን አልነኳትም። በርታለች፤ ትብራ። ናርዶስ ቧንቧው ጋ ናት። ወይዘሮ ዘርፈሽዋል የናርዶስ ጣት ሲሄድ ያዩትን መንገድ አስታውሰው ደሴቷን ነካ አደረጓት።

ደሴቷ ተከፈተች።

ጎመኑ አልተነቀለም፤ አብቦ ቢጫ ሆኗል። ባለ ሰማያዊ በሩ ጎጆ ዝግ ነው። ከበሩ ፊት ለፊት ደግሞ ከዚህ በፊት ያልነበረ ነገር አለ። ለሽርሽር የሚተከል ድንኳን ነው፤ ጨዋታው ውስጥ የሚሸጥ፣ ባለ መስመር፣ የልጆች። መስመሩን ናርዶስ በቀለም አጥፍታዋለች። ውስጡ አግዳሚ ወንበሮች በረድፍ ተደርድረዋል። ፍየሉ ተቀምጧል። ዳክዬው ተቀምጧል። ሰነፏ ጥንቸል ከኋላ ረድፍ አንገቷን ደፍታለች። ከፊት አንድ ወንበር ባዶ ነው።

ወይዘሮ ዘርፈሽዋል በሕይወታቸው ብዙ እንዲህ ያለ ድንኳን ውስጥ ተቀምጠዋል። ማንም እንዲያስረዳቸው አላስፈለገም።

፲፭

ለአንባቢ፣ ግልጽ እንዲሆን

ናርዶስ ከሁሉም ቀድማ ሰምታለች። ያፌት በሞተበት ሌሊት ነው የጻፉላት፤ ስንታየሁ ገና ሳይደወልለት። ጠዋት ስትነሣ መጀመሪያ ያሰበችው አያቷን ነው። እማ ዘርፌ ደም ብዛት አለባት። እማ ዘርፌ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣ «ዝለል እስቲ» ልትል ነው። እማ ዘርፌ ይህን ከጌም አትሰማም፤ አጎቴ ይመጣል፣ ሽማግሌ ይመጣል፣ በወጉ ይነገራታል። እስከዚያው አውሮፕላኗን አበራች።

ጠበቀች። አጎቷ መጣ፤ ቀልዶ ሄደ። እትዬ በላይነሽ መጣች፤ ስለ ማሽኗ አውርታ ሄደች። ናርዶስ ጠበቀች። ከዚያ ጌሟ ወደ ላይ ተገልብጣ፣ አውሮፕላኗ ጠፍታ ስታገኛት፣ እማ ዘርፌም እንደምታውቅ፣ ልትዘጋላት ብላ በስህተት እንደከፈተችባት ገባት፤ አያቷ እጅ ላይ «ነፍስ ይማር» እንዳይገባ ግን በየቀኑ መልሳ አበራቻት።

ሁለቱ ሴቶች በአንዲት ቁልፍ ሲሻሙ ነው የሰነበቱት። አንዷም ለራሷ አልነበረም።

፲፮

ስልክ

ስንታየሁ፦ እማዬ፣ እንዴት ናት?

ዘርፈሽዋል፦ ታጠናለች።

ስንታየሁ፦ ምንም አልሰማችም?

(እዚህ ላይ እውነቱን ቢናገሩ ስንታየሁ ሽማግሌ ይዞ ይመጣል። ድንኳኑ የእውነት ይተከላል። ልጅቷ እስከዛሬ በጥርሷ የያዘችው ሁሉ በአንድ ጠዋት ይፈሳል፤ ፈተናውም ይቀራል። ባይናገሩ ደግሞ ልጅቷ ያንን ሁሉ ለብቻዋ ተሸክማ ሰው አገር ሄዳ፣ ከማታውቃቸው ልጆች መሃል ትተኛለች። የትኛው ነው ማዳን? ወይዘሮ ዘርፈሽዋል ስልኩን ከጆሯቸው አራቁት፤ መልሰው አስጠጉት።)

ስንታየሁ፦ እማዬ? አለሽ?

ዘርፈሽዋል፦ ምንም።

ስንታየሁ፦ አውሮፕላኗስ?

ዘርፈሽዋል፦ በርታለች።

ስንታየሁ፦ ጎበዝ! የኔ እናት።

፲፯

የመጨረሻው ምሽት

ፍራሹ ተጠቅልሎ በገመድ ታስሯል። ብርድ ልብሱ፣ ሳሙናው፣ የመፈተኛ ካርዱ በላስቲክ ተጠቅልሎ። ተፈታኞቹን ወደ ዩኒቨርሲቲው የሚወስዱት አውቶቡሶች ጠዋት ትምህርት ቤቱ በር ላይ ይቆማሉ። ስልክ አይፈቀድም፤ ጌምም አይፈቀድም።

ናርዶስ መጥታ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። እንደ ድሮው። ጌሟን ለአያቷ ሰጠቻቸው።

«ዛሬ አንቺ ንጂያት።»

«እኔ? ገደል ልከታት?»

«ደሴት ናት፤ ገደል የላትም።»

ወይዘሮ ዘርፈሽዋል አውራ ጣታቸውን አሳረፉ። ናርዶስን የምትመስለው ጣት የምታህል ልጅ ሮጣ ከዛፍ ጋር ተጋጨች። ዞራ ከአጥሩ ጋር ተጋጨች። ወደ ኩሬው ገባች።

«ወደ ግራ፣ እማ! ግራሽን አታውቂም እንዴ?»

«ግራዬንስ አውቃለሁ። ይቺ ናት የማታውቀው።»

ናርዶስ ሳቀች። ከስንት ጊዜ በኋላ። ሳቋ መሃል ላይ ወይዘሮ ዘርፈሽዋል ልጅቷን ከኩሬው አወጧት፤ ጎመኑን አሳልፈው፣ ባለ ቀይ በሩን አሳልፈው፣ ቀስ እያሉ፣ እያጋጩ እየመለሱ፣ ወደ ድንኳኑ ነዷት።

ሳቁ ቆመ።

ልጅቷ ድንኳኑ ውስጥ ገባች። ፊት ያለው ባዶ ወንበር ጋ ስትደርስ ቆመች፤ መቀመጥ እንዴት እንደሆነ ወይዘሮ ዘርፈሽዋል አያውቁም። ጣታቸው ከቁልፍ ወደ ቁልፍ ዞረ።

«ታችኛዋ» አለች ናርዶስ። ድምፅዋ ቀጥኗል። «በቀኝ በኩል፣ ታችኛዋ።»

ተጫኑ።

ልጅቷ ተቀመጠች፤ ከፍየሉ ጎን።

ናርዶስም ጭንቅላቷን አያቷ ጉልበት ላይ አሳረፈች። ወይዘሮ ዘርፈሽዋል አንድ እጃቸውን ፀጉሯ ውስጥ ከተቱ፤ በሌላው ጌሟን እንዳትወድቅ ያዙ። ማጠቢያ ማሽን አልነበረም። ድምፅም አልነበረም። ቀሚሳቸው ጉልበታቸው ላይ ቀስ እያለ ሞቀ፤ ከዚያ ቀዘቀዘ።

ጥግ ላይ አውሮፕላኗ በርታ ነበር።

፲፰

መርዶ ለማርዳት

(በሠፈሩ እንደሚደረገው።)

በጠዋት ይሁን፤ ሰው ሳይወጣ።

ብቻህን አትሂድ። የሚደግፍ ሰው ይኑር።

ውሃ አዘጋጁ።

ጫማ ደጅ ላይ እንዳይከመር፤ በር ስትከፍት አይታ እንዳትደነግጥ።

አስቀምጧት።

መጀመሪያ ስለ እግዚአብሔር ፈቃድ ተናገሩ።

ከዚያ

፲፱

ስትወጣ

ወይዘሮ ዘርፈሽዋል የሚሉትን ሌሊቱን ሙሉ አዘጋጅተው ነበር። አይዞሽ። እግዜር ያቅናሽ። ጥያቄውን ሁለቴ አንብቢ። በባዶ ሆድሽ እንዳትገቢ። ብርድ ልብስሽን ለሰው እንዳትሰጪ፤ አንቺ ትሰጫለሽ፣ አውቅሻለሁ።

ናርዶስ ፍራሹን ትከሻዋ ላይ አድርጋ በሩ ጋ ቆማለች። ከአጥሩ ውጭ ጓደኛዋ ትጠራታለች። «ናርዲ! አውቶቡሱ ሞላ!»

ወይዘሮ ዘርፈሽዋል አልጋው ጫፍ ላይ እንደተቀመጡ አፋቸውን ከፈቱ። አይዞሽ ሊሉ ነበር፤ አፋቸው ላይ የመጣው ግን የያፌት ስም ነው። አፋቸውን ገጠሙ። ናርዶስ አየቻቸው። የሷም ከንፈር ተላቅቆ ነበር፤ ነከሰችው።

ፍራሹን አስቀመጠች። ተመልሳ መጣች። ጌሟን ከሹራቧ ሥር አውጥታ አያቷ ጭን ላይ አኖረቻት፤ ፊቷን ወደ ላይ። አጎነበሰችና ጉልበታቸውን ሳመች፤ አንዱን፣ ከዚያ ሌላውን።

ፍራሹን አነሣች። ደጃፉ ጠበባት፤ ጎን ሆና አለፈች። የግቢው ቆርቆሮ በር ተንሿጠጠ።



፳

ስትመለስ

(ይህ ቁጥር ናርዶስ ፈተናዋን ጨርሳ፣ መርዶው በወጉ እስኪነገር ባዶ ይቆያል።)